ክብር ለጣሳ

ምናባዊ ዓለም እየፈጠራችሁ ልብ ወለድ ለምትጽፉ ወጣቶች አንድ ምክር አለን። ለመንግሥታችሁ መስፈሪያ ስታወጡ በከንቱ አትድከሙ። አንዱ የንጉሡን ክንድ ይወስዳል፣ ሌላው «የዘንዶ እርምጃ» ይላል፤ ከዚያ ሠንጠረዥ ዘርግቶ «አንድ የዘንዶ እርምጃ 40 ክንድ ነው» ብሎ ይጽፋል። እዚያው ላይ ተበላሸ። ዛሬም 40፣ ነገም 40 የሆነ ነገር ምኑ ምናባዊ ነው? ይልቅ ጅማ ሂርማታ ገበያ ውረዱና ጣሳን አጥኑ።

ፈረንጆቹ ኪሎግራምን ከፕላቲኒየምና ከኢሪዲየም ቅይጥ አበጅተው፣ ከ1889 እ.ኤ.አ. ጀምሮ ፓሪስ አጠገብ ሴቭር በሚባል ስፍራ በድርብርብ የመስታወት ክዳን ሥር ቆልፈውበት ኖሩ። ከመቶ ዓመት በኋላ ከቅጂዎቹ ጋር ቢያስተያዩት ወደ 50 ማይክሮግራም ልዩነት ተገኘ። አንዲት የጤፍ ፍሬ ከዚያ ትከብዳለች። ለዚህችው እንቅልፍ አጥተው በ2011 ዓ.ም. ኪሎውን ከብረቱ አላቀው ፕላንክ በሚባለው የፊዚክስ ቁጥር ላይ አሰሩት። የእኛ ጣሳ ከአንዱ ሐሙስ እስከ ሌላው እፍኝ ሙሉ ሲያጎድል ጉባኤ የጠራ የለም። መረጋጋት ማለት ይህ ነው።

አሠራሩ ረቂቅ ነው፤ ግን ይለመዳል። አፉ 10፣ ቁመቱ 12 ሳንቲ ሜትር የሆነ ባዶ የወተት ዱቄት ጣሳ ብትወስዱ 940 ሚሊ ሊትር ገደማ ይይዛል። ባለሙያው ጣሳውን ደፍቶ ቂጡን በመዶሻ ቀስ እያለ ወደ ውስጥ ያጎብጠዋል። መሐሉ 1 ሳንቲ ሜትር ሲገባ 4 በመቶ፣ 2 ሲገባ ወደ 9 በመቶ ይተርፋል። ከዚያ በላይ መድፈር የጀማሪ ስግብግብነት ነው፤ ቆርቆሮው ይሸበሸባል፣ የገዢም ጣት ያገኘዋል። ትዕግሥት የሌለው ደግሞ ካርቶን በክብ ቆርጦ ከታች ያነጥፋል። ይህን ለጅማ አየር አንመክርም፤ ካርቶኑ እርጥበት ይጠጣና ይነሳል፣ ከባቄላው ጋር ተገልብጦም የገዢዋ ዘምቢል ውስጥ ይገባል። አውራ ጣትን ከጠርዙ ወደ ውስጥ አሳልፎ መያዝም 1 በመቶ ገደማ ያስገኛል። መዶሻ እንኳ አይፈልግም።

አሞላሉም ራሱን የቻለ ሙያ ነው። ጣሳውን እህሉ ውስጥ ሽጦ መዛቅ የየዋህ ነው፤ እህሉን ይጠቀጥቀዋል። በመዳፍ እያፈሱ ከቅርብ ቀስ አድርጎ መጨመር ነው እንጂ! ያን ጊዜ ፍሬው እርስ በርሱ ተደጋግፎ በመሐሉ ባዶ ቦታ ይተዋል። ገዢዋ አንዴ ብትነቀንቀው ዝቅ ይል ነበርና፣ ጣሳው መሬት ሳይነካ ቶሎ ይገለበጣል።

ይህ ሁሉ ግን እጅ ሥራ ነው። የጣሳ ልዕልና ያለው ሁለት ሆኖ ሳለ በአንድ ስም በመጠራቱ ላይ ነው፤ መግዣ ጣሳና መሸጫ ጣሳ። መግዣው አፉ 14፣ ቁመቱ 6 ሳንቲ ሜትር የሆነው ሰፊው ነው። ልሙጡን ሲሞላ 920 ሚሊ ሊትር ስለሚይዝ ገበሬው አይቶ አይጠረጥርም፤ እንዲያውም ከጠባቡ ያንሳል። ነገሩ ያለው አናቱ ላይ ነው። እህል በ28 ዲግሪ ተዳፋት ቢቆለል በጠባቡ አፍ ላይ 70፣ በሰፊው ላይ 190 ሚሊ ሊትር ይቀመጣል። እንግዲህ ጠዋት ከገበሬው በሰፊው ከነቁልሉ 1,110 ይረከባሉ፣ ረፋዱ ላይ ለሸማቹ ቂጡ በጎበጠው ጠባብ፣ አናቱን በመዳፍ ጠርገው 860 ያስረክባሉ። አንድ ጣሳ ተገዝቶ አንድ ጣሳ ተሸጠ፤ ሩብ ሊትር ከየት መጣ? በገዙበት ዋጋ የሚሸጥ ደግ ነጋዴን «አስወደደ» ብሎ ማማት ግፍ ነው።

ጣሳ ስንት ኪሎ ነው ብሎ መጠየቅም ነውር ነው። መዶሻ ባልነካው በደህናው ጠባብ ጣሳ ጥሬ ቡና ብትሰፍሩ 650 ግራም ገደማ፣ የተቆላ ብትሰፍሩ 350 ገደማ ነው፤ ቡና ሲቆላ ክብደቱ እየቀነሰ ሰውነቱ ያብጣልና። የቡና ነጋዴዎች ፈረሱላቸውን 17 ኪሎ ላይ ቸንክረው ራሳቸውን ከዚህ ሁሉ ደስታ አግልለዋል።

የሥርዓቱ ማኅተም ምራቂ ነው። ገዢዋ «መርቂልኝ እንጂ እናቴ» ትላለች። ሻጯም «ለአንቺ ብዬ ነው» ብላ፣ ጣቶቿን ሰብስባ ሰባት ስምንት ፍሬ ባቄላ ከላይ ጣል ታደርጋለች። ጎባጣው ቂጥ የወሰደው 80 ሚሊ ሊትር በዚህች ተካሰ፤ ሴትየዋ መርቃ፣ ተመርቃ፣ ደንበኛ ሆና ትሄዳለች። የሴቭር ሰዎች እንዲህ ያለ ፍቅር አይተው ያውቃሉ? አንዳንዶች ዛሬም «በሰፈሩት ቁና…» እያሉ ሊያስፈራሩ ይሞክራሉ። የተባለው ስለ ቁና ነው፤ ጣሳን የሚመለከት አንቀጽ የለውም።

ለልብ ወለዳችሁ ክፉ ገጸ ባሕርይ ካስፈለጋችሁም ጣሳ የሚፈትሽ ሰው አለላችሁ። ስንጥር ይዞ ይመጣል። ስንጥሩን የጣሳው ቂጥ መሐል ላይ አቁሞ ጠርዙ ጋ በጥፍሩ ምልክት ያደርጋል፤ ከዚያ አውጥቶ በውጭ በኩል ያስጠጋዋል። ከምልክቱ እስከ ጠርዙ ያለው ልዩነት ስንት መዶሻ እንዳረፈ ይናገራል። ከዚህ የባሰው የግማሽ ሊትር ሀይላንድ ውሃ ሁለት አንጠልጥሎ የሚመጣው ነው። ሁለቱን ሲገለብጥበት ደህናው ጣሳ 60 ሚሊ ሊትር ገደማ ያፈሳል፤ ባለሙያ የነካው 140። ሻጩ ግን «ወንድሜ፣ እህሌን አታርጥብብኝ» ብሎ ቀድሞ ጣሳውን ይቀማውና ከጆንያው ሥር ሌላ ያወጣለታል። እሱኛው ቂጡ ልሙጥ፣ ጠርዙ ያልተነካ ነው፤ ተቆጣጣሪ ሲመጣ ብቻ ስለሚሠራ ዝገት አያውቀውም።