ማስተካከያ፦ ዳዊት የደገመ ሁሉ ጸሐፊ አልነበረም

ስለ ጽሕፈት ትምህርት ባለፈው ሳምንት ባወጣነው ጽሑፍ፣ በጣና ዙሪያ በነበሩት የቄስ ትምህርት ቤቶች ሕፃናት «ማንበብና መጻፍን ጎን ለጎን ይማሩ ነበር» ብለናል። ስሕተት ነው። አንድ የዘጌ አንባቢያችን «የኔታ መቼ ብዕር አስያዙን?» ሲሉ ጠይቀውናል፤ እውነታቸውን ነው።

ልጁ ፊደል ሲቆጥር፣ መልእክተ ዮሐንስ ሲያነብ፣ ዳዊት ሲደግም በእጁ የሚይዘው ስንጥር ነበር፤ እሱም ፊደሉን እየነኩ ለማንበብ እንጂ ለመጻፍ አይደለም። ቁም ጽሕፈት፣ ማለትም የብራና መጻሕፍትን በእጅ መጻፍ፣ ራሱን የቻለ ሙያ ነው። የሚማሩት ከጸሐፊ ዘንድ ተጠግተው ነው፦ የፍየል ቆዳ ወጥሮ መፋቅ፣ ብራናውን በወስፌ ወግቶ ማስመር፣ ከጥላሸት ጥቁር ቀለም መበጥበጥ፣ መቃ ቀርጾ ጫፉን መሰንጠቅ። ቀዩ ቀለም ለአርእስትና ለቅዱሳን ስም ይቆያል። ተማሪው አንዲት ፊደል ሳይጥል እጁ ቆዳ ቆዳ ይሸታል። (ይህን ሁሉ ድካም በሁለት ቃል ማለፋችን አሳፍሮናል።) ዳዊቱን በቃሉ የሚወጣው ሰው ደብዳቤ ሲያስፈልገው ጸሐፊ ይለምን የነበረውም ለዚህ ነው።

በዚያው ጽሑፍ የመሠረተ ትምህርት ዘመቻ በ1967 ዓ.ም. ተጀመረ ተብሏል። የ1967ቱ የእድገት በኅብረት ዘመቻ ነው። እርሱም ፊደል አስቆጥሯል፤ ብሔራዊው የመሠረተ ትምህርት ዘመቻ ግን የተጀመረው በሐምሌ 1971 ዓ.ም. ነው።

በባሕር ዳር ትምህርት ቤቶች ስለ ደብተርና እርሳስ ዘመን የጻፍነው እንዳለ ይጸናል።