ልጅ ያለ ቅጽ

ባለፈው ሐሙስ ባቡሩ መሀል መንገድ ላይ ቀጥ አለ። ለንደን ውስጥ ባቡር ሲቆም ምክንያቱን በትህትና ይነግሩሃል፣ ይቅርታ ይጠይቁሃል፣ ባቡሩ ግን አይሄድም። ልጄን ከሕጻናት ማቆያ የማወጣው 12 ሰዓት ላይ ነው። ሚስቴ የማታ ፈረቃ ገብታለች። ጎረቤቴ ጋ ደወልኩ። ሰባውን ያለፈ እንግሊዛዊ ነው፣ ስድስት ዓመት አጥር ተጋርተናል። ልጄ “አያቴ” ነው የምትለው።

ሄደ። አልሰጡትም። ስሙ ቅጹ ላይ የለም፣ የይለፍ ቃሉንም አያውቅም።

የይለፍ ቃል! ለአራት ዓመት ልጅ! ባንክ ነው እንዴ?

እዚያው እንደተቀመጥኩ ትዝ ያለኝ ቴሲገር ነው። ዊልፍሬድ ጊልበርት ቴሲገር፣ ከ1902 እስከ 1911 ዓ.ም. አዲስ አበባ የነበረው የእንግሊዝ ሚኒስትር፣ በዛሬ አነጋገር አምባሳደር በሉት። ሲመጣ ባቡር የሚያደርሰው ድሬዳዋ ድረስ ብቻ ነበር። ከዚያ ወዲያ በበቅሎ። ሚስቱ ደግሞ ነፍሰ ጡር! የመጀመሪያ ልጃቸው በዚያው ዓመት ግንቦት ላይ ለጋሲዮኑ (የእንግሊዝ ኤምባሲ) ግቢ፣ የጭቃ ቤት ውስጥ ተወለደ። ሰውየው ከዚያ በፊት ቤልግሬድም ኮንጎም ሠርቷል። አባቱማ በ1860 ዓ.ም. ከናፒየር ጦር ጋር መቅደላ ድረስ የዘለቀ መኮንን ነው።

እንግዲህ ራስ ተፈሪ ልጃቸውን አደራ የሰጡት ለዚህ ሰው ነው። 1909 ዓ.ም. መስከረም ላይ ልጅ ኢያሱ ከዙፋን ወረዱ፤ አባታቸው ንጉሥ ሚካኤል የወሎን ጦር አስከትተው ወደ ሸዋ ገሰገሱ። የተፈሪ ልጅ አስፋ ወሰን ገና በሐምሌ የተወለደ ጨቅላ ነበር። ሸዋዎች ሰገሌ ጦርነት ላይ ቢሸነፉ የተፈሪ ቤት ምን እንደሚገጥመው ለማንም ግልጽ ነው። እናም ሕፃኑ እንግሊዝ ለጋሲዮን ገባ። ቴሲገር የራሱ አራት ወንዶች ልጆች ነበሩት፤ አምስተኛ ጨመረ። ጥቅምት 17 ቀን ሰገሌ ላይ ሸዋ አሸነፈ።

ቴሲገር መልአክ ነበር ማለቴ አይደለም። ኢያሱ ወደ ቱርክና ወደ ጀርመን ማዘንበላቸው እንግሊዝን እንቅልፍ ነስቷት ነበር። የተፈሪ ማሸነፍ ለሱም መንግሥት ይበጃል። ቢሆንም ሕፃን በለሊት ሲያለቅስ ፖለቲካ አያባብለውም። ተፈሪም ውለታውን አልረሱም። ቴሲገር በ1912 ዓ.ም. ገና በ48 ዓመቱ ሞተ። እሳቸው በ1923 ሲነግሡ ያንን የጭቃ ቤት ልጅ፣ ያኔ የ20 ዓመት ወጣት፣ በዓሉ ላይ ጋበዙት።

እኛስ ሰፈር? እናቴ ገበያ ስትሄድ በአጥር ላይ “ልጆቹን እይልኝ!” ብላ ትጮሃለች፣ በቃ። እትዬ ያበሉናል፤ ካጠፋንም ይኮረኩሙናል፣ ማንም ፈቃድ አልጠየቃቸውም። አምና ግን ወንድሜ ኮንዶሚኒየም ሄጄ፣ ፊት ለፊት በር ላይ ማን ይኖራል ብለው “እንጃ” አለኝ። ስለዚህ ብዙም አልመጻደቅ።

ለማንኛውም 40 ደቂቃ ዘግይቼ ደረስኩ። 40 ፓውንድ ቅጣት። ጎረቤቴ በዝናብ በሩ ላይ ቆሟል። አልሰጥም ሲሉት ወደ ቤቱ አልተመለሰም። ልጅቷ በመስታወቱ እንድታየው እዚያው ቆሞ፣ ኮፍያውን እያወለቀ እየደፋ ሲያስቃት ነበር። እኔ ሳያት ማልቀስ ነው የቀረኝ፤ እሷ እቴ፣ አላስተዋለችኝም።

በማግስቱ ቅጹን አመጣሁ። “ከሕፃኑ ጋር ያለው ዝምድና” የሚለው ላይ ብዙ አሰብኩና “ጎረቤት” ብዬ ጻፍኩ። ጊዜው ያላለፈ ፓስፖርት አያይዙ ይላል። ጎረቤቴ መሳቢያውን በርብሮ አወጣው። እንግሊዛዊው ሰውዬ፣ በገዛ አገሩ፣ ፓስፖርቱ ካለፈበት ሦስት ዓመት ሆኖታል።