“ለምን አልወጡም?” ለምትሉ ወገኖቼ

ሂዩስተን የምትኖሩ፣ ቀኝ እጃችሁን አንሥታችሁ ምላችሁ የአሜሪካ ዜግነት የተቀበላችሁ ወገኖቼ! የኒው ኦርሊንስን ከተማ ስለመታው ስለ ካትሪና ዐውሎ ነፋስ የተሠራውን ዘጋቢ ፊልም አብረን አይተን ስናበቃ ከመካከላችሁ የተነሣው ጥያቄ “ነዋሪዎቹ ውጡ ተብለው ለምን አልወጡም?” የሚል ነበር። ይህ ጥያቄ እስከ ዛሬ አልተዋጠልኝም።

ወጥተው ነበር እኮ! መኪና የሌለው በእግሩ ወጥቶ ነበር። እ.ኤ.አ. ኦገስት 29 ቀን 2005 የአሜሪካ ጦር መሐንዲሶች የሠሯቸው የጎርፍ መከላከያ ግንቦች ተደርምሰው ኒው ኦርሊንስ 80 በመቶ ያህሏ ሰጠመች። ሐሙስ፣ ሴፕቴምበር 1፣ ምግብና ውኃ ያጡ ሰዎች የሚሲሲፒን ወንዝ በሚያሻግረው ድልድይ ጉዞ ጀመሩ። ሕፃን የታቀፉ፣ በክራንች የሚራመዱ ነበሩባቸው። ማዶ አውቶቡስ ይጠብቃችኋል የተባሉም ነበሩ። የጠበቃቸው ግን ጠመንጃ የያዘ፣ ከወንዙ ማዶ ያለችው የግሬትና ከተማ ፖሊስ ነው። ከአናታቸው በላይ ጥይት ተኩሶ፣ ከደረቅ መሬት አፋፍ ላይ ወደ ሰጠመችው ከተማ መለሳቸው። ከተመላሾቹ የሚበዙት ጥቁሮች ነበሩ።

እናቶች ልጆቻቸውን ይዘው ዞረው ሲመለሱ ምን ብለዋቸው ይሆን? ይህን ሳስብ ቁጣዬ ይከዳኛል፤ ኀዘን ብቻ ይቀራል።

ቁጣዬን የሚመልሰው ከዚያ በኋላ የሆነው ነው። ሕዝብ የመረጠው የግሬትና ምክር ቤት ሁለት ሳምንት ያህል ብቻ ቆይቶ ተሰብስቦ የፖሊስ አዛዡን ውሳኔ መደገፉን በይፋ አጸደቀ። ጉዳዩ የቀረበለት የዜጎች መርማሪ ጉባኤም በ2007 ማንንም አልከሰሰም። ድልድዩን የዘጋው አንድ ክፉ ፖሊስ አይደለም ማለት ነው። ድምፅ የሰጡም፣ ዝም ያሉም ዜጎች አብረው ዘግተውታል።

እናንተስ? አዲስ አበባ ማን እንደተሾመ፣ ማን እንደተሻረ በየቀኑ ትከታተላላችሁ፤ በከተማችሁ ምክር ቤት ማን እንደሚወክላችሁ ግን አታውቁም። እዚህ ከተወለዱት ጥቁሮች ራሳችሁን ለይታችሁ ትናገራላችሁ። ያ ፖሊስ ከየት መጣችሁ ብሎ የሚጠይቃችሁ ይመስላችኋል? በ2017 የሃርቪ ዐውሎ ነፋስ ቤታችንን ሲያጥለቀልቀው ዘር መርጦ ነበር? ዕድራችን አስከሬን አገር ቤት ለመላክ ገንዘብ አያጣም። በሕይወት ያለችን፣ መኪና የሌላትን ጎረቤት ማን እንደሚያወጣት ግን አንድም ቀን አልተወያየንም። አፈርኩብን።

ጁን ሲገባ የዐውሎ ነፋስ ወቅት ይጀምራል። መኪና ያለውንና የሌለውን በየሰፈሩ እንመዝግብ ብዬ ስለምናችሁ ከርሜያለሁ፤ እስካሁን ስልካቸውን የሰጡኝ ሁለት ወጣቶች ብቻ ናቸው። በሁለት ሰው ከተማ እንደማይወጣ አውቃለሁ፤ ደክሞኛልም። ቢሆንም እሑድ ከቅዳሴ በኋላ መዝገቡን ይዤ በሩ ላይ እቆማለሁ፤ እባካችሁ ስማችሁን አጽፉ።