ማስተካከያ፦ የብሪታንያ መራጮች መታወቂያ

ባለፈው ጽሑፌ በብሪታንያ ለመምረጥ ፎቶ ያለው መታወቂያ ማሳየት ግዴታ የሆነው እ.ኤ.አ. በ2023 ነው ብዬ ነበር። ተሳስቻለሁ። ሰሜን አየርላንድን ጭራሽ ዘንግቻታለሁ፤ እዚያ ግዴታ ከሆነ ከ2003 ጀምሮ ነው። በሜይ 2023 የጀመረችው እንግሊዝ ናት፣ ያውም በአካባቢ ምርጫ።

ሁለተኛው ስህተቴ ይብሳል። «በመታወቂያ ምክንያት ሳይመርጡ የቀሩት 14,000 ገደማ ብቻ ናቸው» ብያለሁ። ይህን የ2023ቱን የእንግሊዝ ምርጫ ቁጥር ያወጣው የምርጫ ኮሚሽኑ ነው፣ ችግሩ «ብቻ» ማለቴ ላይ ነው። የተቆጠሩት ምርጫ ጣቢያ ሄደው መታወቂያ ተጠይቀው የተመለሱና በዚያው የቀሩት ናቸው። መታወቂያ እንደሌላቸው አውቀው ከነጭራሹ ከቤት ያልወጡት እዚህ ውስጥ የሉም።

በነገራችን ላይ፣ መታወቂያ የሌለው መራጭ ለምርጫ የሚያገለግል ማረጋገጫ በነጻ ማውጣት ይችላል። ይህንንም ሳልጠቅሰው አልፌ ነበር።