እንጦጦና ሰመራ ላይ ሁለት ሰዓቶች ይቀመጡ

የጊዜን ፍሰት የሚያጠና የምልከታ ጣቢያ በኢትዮጵያ ይቋቋም ብሎ መጠየቅ፣ ለነዳጅና ለማዳበሪያ የሚሆን የውጭ ምንዛሪ ማግኘት ለሚቸግራት አገር ቅንጦት ሊመስል ይችላል። ጣቢያው ዛሬ በሐሳብ ብቻ ያለ ነው። ሐሳቡም አንድ እጅግ ትክክለኛ ሰዓት እንጦጦ ላይ፣ ሌላ አቻው ደግሞ ሰመራ ላይ ተቀምጠው በፋይበር መስመር እንዲገናኙ ነው።

በእኛ ዘንድ የጊዜ ነገር ሲነሳ ውይይቱ ወዲያው ወደ ባሕረ ሐሳብና ወደ ዘመን አቆጣጠር ልዩነት ያመራል። ሊቃውንቱ ያቆዩልን ይህ እውቀት ጾሙና በዓሉ መቼ እንደሚውል ይነግረናል። እኔ የማነሳው ጥያቄ ግን ጊዜ ራሱ በሁሉም ቦታ በእኩል ፍጥነት ይሄዳል ወይ የሚለው ነው። መልሱ አይሄድም ነው፤ ስበት ጊዜን እንደሚያዘገይ በሚገልጸው በአንስታይን የአጠቃላይ አንጻራዊነት ንድፈ ሐሳብ መሠረት ቆላ ላይ ያለ ሰዓት ደጋ ላይ ካለው አቻው ወደ ኋላ ይቀራል።

ይህ በወረቀት ላይ የቀረ ሒሳብ አይደለም። ሂደቶሺ ካቶሪ የሚመሩት የጃፓን ቡድን ሁለት የስትሮንቲየም ሰዓቶችን ወስዶ አንዱን በቶኪዮ ስካይትሪ ማማ ሥር፣ ሌላውን 450 ሜትር ከፍታ ላይ ባለው የጎብኚዎች ወለል አስቀመጠ። በእነዚህ ሰዓቶች ውስጥ በሌዘር ቀዝቅዘው የተያዙ የስትሮንቲየም አቶሞች በሰከንድ 429 ትሪሊዮን ጊዜ ገደማ ከሚርገበገብ ብርሃን ጋር ይናበባሉ፤ ሰዓቱ የሚቆጥረው ይህንኑ ርግብግቢት ነው። እ.ኤ.አ. በ2020 ይፋ በሆነው ውጤት የላይኛው ሰዓት በቀን 4 ናኖ ሰከንድ (የሰከንድ ቢሊዮንኛ) ያህል ይቀድም ነበር። ሙከራው የተካሄደው ሰው በሚመላለስበት የከተማ ማማ ላይ መሆኑ፣ እንዲህ ያለ ሰዓት ከቤተ ሙከራ ወጥቶ መሥራት እንደሚችል አሳይቷል።

ጃፓኖች ለዚህ ማማ አስፈለጋቸው፤ እኛ መልክዓ ምድሩ አለን። የእንጦጦ የሥነ ፈለክ ምልከታ ማዕከል 3,200 ሜትር ገደማ ከፍታ ላይ ሲገኝ ሰመራ ከ500 ሜትር በታች ናት። በዚህ ልዩነት የእንጦጦው ሰዓት በየቀኑ ከ25 ናኖ ሰከንድ በላይ እየቀደመ ይሄዳል፤ ይህም ከቶኪዮው ስድስት እጥፍ ያህል ነው። ዳሎል ዝቅ ብትልም ሙቀቷ ለእንዲህ ያለ መሣሪያ አይመችም። ሰመራ ግን ዩኒቨርሲቲ አላት፣ ወደ ጅቡቲ በሚወስደው ዋና መንገድ ላይም ትገኛለች።

ጥቅሙን በሚመለከት፣ እኔን ይበልጥ የሚያሳስበኝ የአፋር መሬት ነው። እ.ኤ.አ. በ2005 ዳባሁ አካባቢ በጥቂት ሳምንታት ውስጥ 60 ኪሎ ሜትር ርዝመት ያለው የስምጥ ሸለቆ ክፍል እስከ 8 ሜትር ተከፍቷል። ከ2024 መጨረሻ ጀምሮም በአዋሽ ፈንታሌና በዶፈን ዙሪያ በተደጋጋሚ የደረሰው የመሬት መንቀጥቀጥ በሺዎች የሚቆጠሩ ወገኖቻችንን ከቤታቸው አፈናቅሏል። ዛሬ ያሉት ምርጥ ሰዓቶች የአንድ ሴንቲ ሜትር የከፍታ ለውጥ የሚያመጣውን የጊዜ ልዩነት መለየት ስለሚችሉ፣ ከሳተላይት ምስልና ከመንቀጥቀጥ መለኪያ ጎን ለጎን ምድሩ ሲያብጥና ሲሰምጥ ሊከታተሉ ይችላሉ። ሰዓት የመንቀጥቀጥን ቀን አይተነብይም፤ ይህን ቃል መግባት ሕዝብን ማታለል ይሆናል። ይሁን እንጂ የሁለት ሩቅ ቦታዎችን ከፍታ በቀጥታ ከስበት አንጻር ስለሚያነጻጽር፣ ውኃ ወዴት እንደሚፈስ በትክክል ማወቅ ለሚጠይቁ የመስኖና የግድብ ሥራዎችም ይጠቅማል።

ወጪው ከባድ ነው፣ የመብራት መቆራረጡም የታወቀ ነው። ስለዚህ የስትሮንቲየም ሰዓት ነገ ይገዛ አልልም። እንጦጦንም ሆነ የአገሪቱን የከፍታ ልኬት የሚመለከተው የስፔስ ሳይንስና ጂኦስፓሻል ኢንስቲትዩት በገበያ ላይ በሚገኝ፣ ትክክለኛነቱ ግን ከስትሮንቲየሙ በሚያንስ የሲዚየም የአቶም ሰዓት ሊጀምር ይችላል። የሥነ ልክ ኢንስቲትዩቱና የአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ የጂኦፊዚክስ ባለሙያዎችም ከመነሻው ቢካተቱ ለየብቻ ከመድከም ያድናል። ከኢትዮ ቴሌኮም ጋር ለጊዜ ምልክት የሚሆን የፋይበር ክር ስለማግኘት መነጋገር፣ ከጃፓን ወይም ከአውሮፓ ቤተ ሙከራዎች ጋር ጥቂት ወጣት የፊዚክስ ምሩቃንን ለማሠልጠን መስማማት፣ እንጦጦ ላይም የሙቀት መጠኑ የማይዋዥቅ አንድ ክፍል ማዘጋጀት በዚህ ዓመት ሊጀመሩ የሚችሉ ሥራዎች ናቸው።