ማስተካከያ፦ «ጎልድፊንገር» ላይ የሚሰማው ድምፅ የጌርት ፍሮበ አይደለም

ስለ ጀርመናዊው ተዋናይ ጌርት ፍሮበ (እ.ኤ.አ. 1913–1988) ቀደም ሲል በወጣው ጽሑፍ፣ በ1964ቱ የጄምስ ቦንድ ፊልም «ጎልድፊንገር» ላይ ወንጀለኛውን ጎልድፊንገርን ሆኖ ሲጫወት የሚሰማው እንግሊዝኛ የራሱ ድምፅ እንደሆነና ፊልሙም የመጀመሪያ ትልቅ ሥራው እንደነበር ተገልጿል። ሁለቱም ትክክል አይደሉም።

ድምፁ የእንግሊዛዊው ተዋናይ ማይክል ኮሊንስ ነው። ፍሮበ ያኔ እንግሊዝኛ ብዙም ስለማይችል ንግግሩን እንደሰማው ሸምድዶ፣ ቀስ እያለ ነበር የሚናገረው። ችግሩ አፍ ከተጎተተ በላዩ የሚገባው ድምፅም አብሮ መጎተቱ ነው። ስለዚህ ዳይሬክተሩ ጋይ ሃሚልተን ፈጠን ብሎ እንዲናገር አደረገው፤ ኮሊንስ ደግሞ በኋላ የከንፈሩን እንቅስቃሴ ተከትሎ ቃላቱን ቀረጸ። የፍሮበን የራሱን ድምፅ መስማት የፈለገ የጀርመንኛውን ቅጂ ይክፈት፤ እዚያ የተናገረው ራሱ ነው።

ወደ ሥራው ጅማሬ ስንመጣ፣ በ1948 «በርሊነር ባላደ» ላይ ከጦርነት የተመለሰውን ኦቶን ሆኖ መሪ ተዋናይ ነበር። ያኔ አጥንቱ የሚቆጠር ከሲታ ስለነበር፣ ወፍራሙን ጎልድፊንገር ብቻ የሚያውቅ ተመልካች አይለየውም። የቦንድ አዘጋጆች ዓይን ውስጥ የገባው ግን በ1958 ሕፃናትን የሚገድለውን ሽሮትን በተጫወተበት ፊልም ነው፤ በእኛ ግምት ከጎልድፊንገርም የሚበልጥ ትወና ነው።

በዚያው ጽሑፍ ፍሮበ የናዚ ፓርቲ አባል እንደነበር በመታወቁ ፊልሞቹ እስራኤል ውስጥ ታግደው ነበር መባሉ ልክ ነው። የጎደለው፣ እገዳው የተነሳው አንድ አይሁዳዊ ፍሮበ እሱንና እናቱን ደብቆ እንዳተረፋቸው ከመሰከረ በኋላ መሆኑ ነው።