ወንድሜ ደወሌ ኬላ ላይ፣ እኔ ኩሽናዬ ውስጥ

ትናንት ማታ ከስራ ስገባ የምርጫ ወረቀቴን ፖስታ ሳጥኑ ውስጥ ከመብራት ቢል ጋር አገኘሁት። እዚህ አሜሪካ፣ ኦሬገን ስቴት፣ ሄዶ መሰለፍ ድሮ ቀርቷል፣ ወረቀቱ ቤትህ ይመጣል፣ ሻይህን እየጠጣህ ትሞላለህ፣ ፖስታው ላይ ትፈርማለህ፣ ቴምብር እንኳን አይፈልግም፣ ትልከዋለህ አለቀ።

እኔ ግን እስክሪብቶ ስይዝ ትዝ ያለችኝ እማዬ ናት። ሰኔ 14 ቀን 2013 በዛ በድሬ ሙቀት ጉልበቷን እያመማት ከንጋት ጀምራ ተሰልፋ፣ ድንጋይ ላይ ቁጭ ብድግ እያለች፣ የመራጭነት ካርዷን ነጠላዋ ጫፍ ላይ ቋጥራ። ግቢ በቃ ስላት "ካርድ ወስጄ?" አለችኝ ተቆጥታ። ታላቅ ወንድሜ ደግሞ የጅቡቲ መስመር ሹፌር ነው፣ ካርድ አውጥቶ የምርጫው ቀን ጅቡቲ ድንበር ደወሌ ኬላ ላይ ዋለበት፣ ካርዱ ኪሱ ውስጥ ቀረ። እስካሁን የሚያንገበግበኝ ይሄ ነው።

ምክንያቱም እዚህ አገር ነገሩ የተጀመረው በሱ አይነት ሰው ነው፣ ከቤቱ ርቆ ባለ ሰው! እርስ በርስ ሲዋጉ፣ እ.ኤ.አ. በ1864 ሊንከን ለሁለተኛ ጊዜ ሲወዳደር 19 ስቴቶች ወታደሩ ካለበት ሆኖ እንዲመርጥ ፈቀዱ፣ አንዳንዱ እዛው ካምፕ ሳጥን አቆመ፣ እንደ ኒውዮርክ ያለው ድምፁ ታሽጎ ወደ ሰፈሩ እንዲላክ አደረገ። ከዛ ለታመመ፣ ለተጓዘ እየተባለ ሰፋ፣ ካሊፎርኒያ በ1978 ምክንያት መጠየቅ ተወች፣ ኦሬገን በ1998 ህዝቡ ራሱ ወስኖ የ2000ውን የፕሬዝዳንት ምርጫ ሙሉ በሙሉ በፖስታ አደረገችው።

ፖስተኛ ቤት ለቤት በማይዞርበት አገር እንዴት ይሆናል ትሉኛላችሁ፣ ልክ ነው፣ የኛ ሰፈር አድራሻ "ከወፍጮ ቤቱ ጀርባ" ነው። ግን ርቆ መምረጥ ለኛ መቼ አዲስ ሆነ አቦ? ከሐረር ውጭ ያሉ ሐረሪዎች፣ ድሬ ያሉት ጎረቤቶቻችን ጭምር፣ ባሉበት ሆነው የክልላቸው ምክር ቤት አካል ለሆነው ለሐረሪ ብሔራዊ ጉባኤ ሲመርጡ ኖረዋል፣ በኛው በ2013 ምርጫ አይቻልም ሲባልም ጉዳዩ ፍርድ ቤት ደርሶ ተፈርዶላቸዋል። ለወታደሩና ለካምፓስ ተማሪውም ልዩ ጣቢያ ነበረ። ታዲያ ለሹፌሩስ? ደወሌ ላይ አንድ ሳጥን ማቆም ምን ይከብዳል? ቀን ከሌት ለአገር እቃ የሚያመላልስ ሰው እኮ ነው!

ፈርሜ አሽጌ ለእማዬ ደወልኩላትና እንዴት እንደመረጥኩ ነገርኳት።

"ጣትህን ማን ቀባህ ታዲያ?" አለችኝ።

ቀለምም የለም አልኳት። ዝም አለች፣ ከዛ "ወንድምህም እንዲህ ቢመጣለት" አለች።